ቤዝቦል በአማርኛ የሚያስተላልፉት ጋሽ ምሕረቱ

ሐበሻ ሦስት ሆኖ በሰፈረበት አገር ሁሉ፣ አንደኛው ሱቅ ይከፍታል፣ ሁለተኛው ከጎኑ ሌላ ሱቅ ይከፍታል፣ ሦስተኛው የስፖርት ጋዜጠኛ ነው። የጆሃንስበርጉ ሦስተኛ ሰው፣ ክቡር ጋዜጠኛና የፊልም ባለሙያ ጋሽ ምሕረቱ ናቸው።

ከጆሃንስበርግ ወጣ ባለው ቴምቢሳ፣ ስፓዛ የሚሉት ዓይነት ትንሽ የሰፈር ሱቅ ያላት ብርነሽ እኚህን ሰው ታግሣ መኖር ከጀመረች ሁለት ዓመት ሆኗታል። ጋሽ ምሕረቱ በአገር ቤት አንድ ሬዲዮ ጣቢያ አሥር ዓመት እንደሠሩ ይናገራሉ። "ምን ነበር የሚሠሩት?" ብሎ የጠየቀ ሰው ግን እስካሁን መልስ አላገኘም። እዚህ እግር ኳስ የሚያስተላልፍ ሐበሻ ሞልቷል፤ ስለዚህ ተፎካካሪ የሌለበትን ቤዝቦልን መረጡ። ስልካቸውን የሜዳው አጥር ላይ በላስቲክ ያስሩና "ልብ ድካም ያለበት ይዝጋው!" ብለው በፌስቡክ ይጀምራሉ። ካፊያ ከጣለ ጎርፍ ነው። ኳሷ ትንሽ ከፍ ካለች ደመና ሰንጥቃለች።

ዘጋቢ ፊልምም አላቸው፤ "ሐበሻና ቤዝቦል በደቡብ አፍሪካ"፣ ስድስት ክፍል። እሳቸው እስከሚያውቁት በአገሩ ቤዝቦል የሚጫወት ሐበሻ አንድ ብቻ ነው፤ የብርነሽ ልጅ፣ የአሥራ አራት ዓመቷ ዝማሬ። ክፍል ሁለትን ለመቅረጽ ካሜራቸውን ይዘው የሱቁ መስኮት ላይ ተገተሩ።

"እመቤት ብርነሽ፣ ልጅዎ ዱላውን ስታነሳ ምን ተሰማዎት?"

"ጋሽ ምሕረቱ፣ ደንበኛ ቆሟል። ዳቦ ካልገዙ ዞር ይበሉልኝ።"

ይህም ፊልሙ ውስጥ ገባ፤ ከሥሩ ክራር ተደርጎበታል።

ብርነሽ ለጨዋታው ደንታ የላትም። ቅዳሜ ገበያው የሚደራበት ቀን ነው፤ ልጇ ታስፈልጋታለች። ባለፈው ወር አንድ ቅዳሜ ጠዋት ቁርጡን ነገረቻት።

"የዛሬውን አያለሁ። የማይሆንልሽ ከሆነ ከሚመጣው ሳምንት ጀምሮ ሱቅ ነሽ።"

ዝማሬ ቁርሷን ሳትነካ ሄደች።

ከብርነሽ በቀር ሱቁን የሚይዝ ሰው የለም፤ ስለዚህ ውጤቱን የምትሰማው ከጋሽ ምሕረቱ አፍ ነው። ስርጭቱን ከፍታ ስልኳን የሱቁ መስኮት ፍርግርግ ላይ አንጠለጠለች። ለዳቦ የመጡ እናት ጩኸቱን ሰምተው በዙሉኛ ሰላምታ ጀመሩና፣ "ሳውቦና ማማ፣ ፓስተርሽ ናቸው?" አሏት።

"ፓስተርስ ይጨርሳል" አለቻቸው።

የመጨረሻው ዙር ደረሰ። "በአንድ ነጥብ ተበልጠናል! ዱላውን የያዘችው ዝማሬ ናት! ሦስቴ ከሳተች አለቀልን!" አሉ ጋሽ ምሕረቱ። ከዚያ፣ "ሳተች።"

ብርነሽ ዳቦውን እንደያዘች ቀረች።

"ሁለተኛውንም ሳተች።"

ሁለት ዓመት ሙሉ "ጋሼ፣ አይዋሹ" ስትላቸው የኖረችው ሴት ፍርግርጉን ጨብጣ፣ "ይዋሹ! ዛሬ እንኳን ይዋሹልኝ!" ብላ ስልኩ ላይ ጮኸች። ልጇ ኳሷን እንድትመታ ይህን ያህል እንደምትፈልግ እስከዚያች ደቂቃ አታውቅም ነበር።

"ሦስተኛውንም ሳተች። ተሸንፈናል።" ጎርፍም ደመናም የለም። ድምፃቸውን ዝቅ አደረጉ። "ዱላውን አልወረወረችም። ሄዳ የተጋጣሚን ኳስ ወርዋሪ ጨበጠቻት። አሁን ብቻዋን ተቀምጣለች። እናቷ እዚህ ብትሆን ጥሩ ነበር።"

ማምሻውን ዝማሬ ገብታ፣ ሳትጠየቅ የሱቁን ሽርጥ አሸረጠች።

"ተሸንፈናል፣ እማ። ሦስቱንም ሳትኩ።"

"ሰምቻለሁ። ጋሽ ምሕረቱ ተናግረዋል።"

"እሳቸው? እውነቱን?"

እናትና ልጅ እስኪያማቸው ሳቁ፤ ዝማሬ ከሳቁ መሀል ማልቀስ ጀመረች። ብርነሽ ሽርጡን ፈታችላትና ከቢስኩት ካርቶን ላይ ቁራጭ ቀደደች። "ቅዳሜ ዝግ ነን" ብላ በእንግሊዝኛ ጽፋ መስኮቱ ላይ ለጠፈችው።

ቅዳሜ ጃንጥላዋን ይዛ ሜዳው ደረሰች። ሁለቱን ውሾች ጨምሮ ተመልካቹ አሥራ አንድ ነበር። ጋሽ ምሕረቱ ሲያዩዋት ስልኩን ከአጥሩ ፈትተው ወደ እሷ አዞሩት።

"ክቡራትና ክቡራን! ሜዳው በሕዝብ ተጥለቅልቋል! እግር ማሳረፊያ ጠፍቷል!"

ብርነሽ ግራና ቀኟን አየች። ከዚያም በሰው መሀል እንደምትጋፋ ሁሉ ጃንጥላዋን ከፍ አድርጋ፣ ለካሜራው እጇን አውለበለበች።