የመንሱራው ክቡር ዳይሬክተር

ዙህር ሰግጄ ወደ ማደሪያችን ስመለስ፣ በሪያድ መንሱራ ሰፈር ጠባብ መንገድ ላይ አንድ ሽማግሌ ደረቅ ዳቦ በውሃ እያራሰ ለአንዲት ከሲታ ድመት ሲያበላ አየሁ። በዚያ ፀሐይ ቁጢጥ ብሎ በገዛ ጥላው ከልሏታል። ሱብሐነላህ ብዬ አለፍኩ።

ይህንኑ ሽማግሌ የክፍል ጓደኛዬ አብዱረሂምም ከመስኮታችን አይቶት ኖሯል። እሱ ግን ቀርጾታል። በቀረጻው ላይ በሹክሹክታ፣ «ወንድሞቼ፣ መርዙን መጀመሪያ በድመት እየሞከረው ነው» ይላል።

ስደተኛ ባለበት ማደሪያ ሁሉ አንድ ቀራጭ አይጠፋም። ሩዝ ሲያር ይቀርጻል፣ ሰው ሲያንኮራፋ ይቀርጻል፣ ሊፍት ሲቆም የተዘጋበትን ሰው ከማስወጣቱ በፊት ይቀርጻል። የእኛው ቀራጭ ክቡር ዳይሬክተር አብዱረሂም፣ ከፊልም ሥራቸው በተረፈው ጊዜ ቀለም ይቀባሉ። ለምን ትቀርጻለህ ቢባል መልሱ አንድ ነው፦ «ማስረጃ ይኑር!» አንድ ጊዜ አብሮን የሚኖረው በላይነህ ጥርሱን ታሞ ሲያቃስት ቀርጾ ለእናቱ ላከላቸው። ወሎ ላይ ለቅሶ ሊቀመጡ ምንም አልቀራቸውም።

በ2009 የምሕረት ጊዜ ግን ነገሩ ከቀልድ አለፈ። ኢቃማ፣ ማለትም የመኖሪያ ፈቃድ፣ የሌለው ሁሉ ያለ ቅጣት አገሩ ይግባ ተብሏል። በዑምራ ቪዛ መጥቶ እኛው ክፍል የቀረው ሙስጠፋም ሊገባ ሲሰናዳ ፓስፖርቱ ጠፋበት። ክፍሉን ገለባበጥነው፣ የለም። የት አስቀምጦት እንደነበር ስንጠይቀው አንገቱን ይደፋል። ምሕረቱ ሊያልቅ ነው፤ ካለቀ ደግሞ እስር ነው።

በዚሁ ጭንቅ መሐል፣ አንድ ዓርብ ከጁምዓ መልስ፣ ክቡር ዳይሬክተር ፊልማቸውን አሳዩን። ምስሉ ይንቀጠቀጣል፤ ከምስሉ ይልቅ የአብዱረሂም ትንፋሽ ይሰማል። ሽማግሌው ከረጢት ተሸክሞ በየበሩ ይቆማል። አንድ ወጣት ሲያልፍ ፊቱን ያያል፣ የገዛ መዳፉን ያያል፣ እንደገና የወጣቱን ፊት ያያል። መጨረሻ ላይ የእኛን በር እጀታ ይነካል። «ወንድሞቼ፣» ይላል ሹክሹክታው፣ «እኔ ካልተመለስኩ ይህን ለሰው አሳዩ።»

«የጀዋዛት ፖሊስ ጆሮ ጠቢ ነው! የሚፈለጉትን ሰዎች ፎቶ ይዞ ነው የሚዞረው» አለ በላይነህ።

«ኧረ ድመት ሲያበላ አይቼዋለሁ» አልኩ።

«ጋሼ ደግሞ፣ ለአንተ የማይጸድቅ ሰው አለ?»

ሙስጠፋ ልብሱን በፌስታል ማጨቅ ጀመረ። ወዴት እንደሚሄድ እንኳ አያውቅም። ያን ጊዜ በሩ ተንኳኳ።

ሁላችንም ደረቅን። የተነሳው አብዱረሂም ነው። ሙስጠፋን ከኋላው አድርጎ ስልኩን ወደ ፊት ዘረጋና፣ «ከሞትኩም ማስረጃ ይኑር» ብሎ በሩን ከፈተ።

ሽማግሌው ቆሟል። የሙስጠፋን ፊት አየ፣ መዳፉን አየ፣ ከዚያ ሳቀ። መዳፉ ላይ የሙስጠፋ ፓስፖርት ነበር።

ሰውየው ዐዚዚያ አካባቢ በግ የሚያረባ የመናዊ ነው። በሪያድ ዳቦ ከቆሻሻ ጋር አይጣልም፤ የተረፈው በፌስታል ተደርጎ በር ላይ ይንጠለጠላል፣ እሱ እየሰበሰበ ለበጎቹ ይወስዳል። ሙስጠፋ፣ ሌባም ፖሊስም ደረቅ ዳቦ አይፈትሽም ብሎ ፓስፖርቱን ከዳቦው ሥር ደብቆት ኖሯል። የጽዳት ተራ የደረሰው አብዱረሂም ደግሞ ፌስታሉን አውጥቶ አንጠልጥሎታል።

«ለፖሊስ ብሰጥ ልጁን ይጎዳዋል ብዬ ነው በየበሩ የዞርኩት» አለ ሽማግሌው። ሙስጠፋ እጁን እየሳመ አለቀሰ። በላይነህ ያጨቀውን ልብስ እያወጣ መልሶ አጠፈው። እኔም አልሐምዱሊላህ አልኩ።

ማታውኑ አብዱረሂም ቀረጻውን ከፍቶ ጮኸ፦ «ተበላሸ! ኸላስ፣ ተበላሸ!» ለካስ ካሜራው ወደ ራሱ ዞሮ ነበር። የሚታየው እሱው ራሱ ነው። ዓይኑን ጨፍኗል፣ ከንፈሩ ሊሞት እንዳለ ሰው ሸሃዳ ይላል፣ አንድ እጁ ወደ ኋላ ተዘርግቶ የሙስጠፋን ሸሚዝ ጨብጧል። ከፊልሞቹ ሁሉ እንዳይጠፋ ለራሴ አስልኬ ያስቀመጥኩት እሱን ብቻ ነው።

ክቡር ዳይሬክተር ግን አልተጽናኑም። አጠገቤ መጥተው ተቀመጡ።

«ጋሼ፣ አንድ ነገር ላስቸግርህ?»

«ምን?»

«ጺምህ ከሰውየው ጺም ጋር ይመሳሰላል። ያንን ፌስታል ያዝና፣ ከውጭ ሆነህ አንዴ ብቻ ታንኳኳልኛለህ?»