ለዮናስ የመጡ ሽማግሌዎች

ምልመላ የሚለውን ቃል ስሰማ እስከ ዛሬ ዓይኔ ወደ በር ይሄዳል። የእኔ ዘመን ሰው ከሆናችሁ ለምን እንደሆነ መንገር አያስፈልገኝም። የቀበሌ ሰዎች በር ላይ ቆመው ጎረምሳ ሲፈልጉ አልጋ ሥር የተደበቀ ሁሉ ያውቀዋል። ታዲያ «መለመሉኝ» ብሎ የሚፈነጥዝ ልጅ አያለሁ ብዬ መቼ አሰብኩ? ዳላስ መጥቼ አየሁ።

ልጁ ዮናስ ይባላል። አባቱ በላቸው ጓደኛዬ ነው፤ እንደኔው ኤርፖርት ታክሲ ይነዳል። ዳላስ አጠገብ ሪቻርድሰን ውስጥ አንድ አፓርትመንት ግቢ ነው የምንኖረው፣ በራችን ፊት ለፊት ነው። በላቸው ያንን ልጅ የሱዳንን በረሃ በትከሻው ተሸክሞ ነው ያሻገረው። ሶ፣ በፈረንጆቹ ዘጠናዎቹ አጋማሽ ላይ ልጁ ዴንተን ኮሌጅ ሲገባ ግቢው ሁሉ እልል አለ። ግን ምን ዋጋ አለው? አርብ አርብ ሻንጣውን አንጠልጥሎ ይመጣል። ቅዳሜ ሶፋ ላይ ቁጭ። እሁድም ሶፋ ላይ ቁጭ። እናቱ አስካለ አንድ ቀን መኪናዬ ድረስ ተከትላኝ መጣችና ምን አለችኝ መሰላችሁ? ስልካችን የሚጠራው ለበላቸው ብቻ ነው፣ ልጄን ብሎ የሚደውል ሰው የለም አለችኝ። እንባዋ መጣ። የእኔም ሊመጣ ሲል የመኪናዬን መስታወት መጥረግ ጀመርኩ።

አንድ አርብ ግን ልጁ እየሳቀ መጣ። ፍራተርኒቲ የሚባል ነገር አለ አለን። የወንድ ተማሪዎች ማኅበር ነው፤ አባላቱ ወንድማማች ይባባላሉ። ብዙ ኮሌጅ ውስጥ ቅርንጫፍ አለው፣ ዴንተን ላይ ግን ገና ሊከፍቱ መሯሯጣቸው ነው። ዋናው ቢሮ በቂ አባል ካላመጣችሁ ቅርንጫፍ አትሆኑም ብሏቸዋል። ስለዚህ ሰው ይመለምላሉ። ዮናስን ላይብረሪ አግኝተው ከእኛ ጋር ሁን አሉት። እሱም አባቴን ላስፈቅድ አለ። አለቃቸው ታይለር የሚባል፣ ከምዕራብ ቴክሳስ የመጣ የከብት አርቢ ልጅ ነው፤ እንግዲያው አባትህን እኛው ራሳችን መጥተን እንጠይቃለን አለ።

በላቸው የማኅበሩን ስም ጠየቀ። ስሙ ሦስት የግሪክ ፊደል ነው። የግሪክ ፊደል ከሆነማ ኦርቶዶክሶች ናቸው ብሎ በጣም ደስ አለው። ገረመው የሚባል ጴንጤ ጎረቤት አለን፣ አረጋውያን መጦሪያ የሚሠራ። እሱ ደግሞ ፊደሉን ወሰዱ እንጂ ሃይማኖቱን ማን ሰጣቸው ብሎ ክርክር ገጠመ። ምሳችን በዚሁ አለቀ።

ቅዳሜ መጡ፣ ሦስት ሆነው። ሰማያዊ ኮት፣ ክራቫት፣ ታይለር ደግሞ የካውቦይ ቡትስ። ገቡና ቁጭ አሉ። በላቸው ቅር አለው። ሽማግሌ ሆናችሁ ሄዳችሁ ታውቁ የለ? ተቀመጡ ስትባሉ፣ የመጣንበት ሳይሰማ አንቀመጥም ትላላችሁ። እነዚህ ግን ተቀመጡ፣ የቀረበላቸውን በሉ፣ አስጨመሩ፤ አንዱ ቃሪያ ነክሶ አለቀሰ። ከዚያ ታይለር ተነሥቶ፣ ልጅዎ ወንድማችን እንዲሆን ልንጠይቅዎ ነው የመጣነው አለ። በላቸው የማን ልጅ እንደሆነ ጠየቀው። ያባቱን፣ ያያቱን፣ የቅድመ አያቱን ስም። ታይለር አንድም ሳያስቀር ቆጠረለት፤ የቅድመ አያቱን በቅሎ ስም ሳይቀር ነገረው። የበላቸው ልብ እዚያው እንደ ተሸነፈ ከፊቱ አየሁ።

ከዚያ በላቸው ኮቱን አስተካከለና፣ ሰምተናችኋል፣ እንመካከርበት፣ ሌላ ቀን ተመለሱ አለ። ዮናስ አስተረጎመ። ልጆቹ ጨበጡን፣ አመሰገኑና ሄዱ።

በሚቀጥለው ቅዳሜ በላቸው ሥራ አልወጣም። ሱፉን ለብሶ ጠበቃቸው። ማንም አልመጣም። በሌላኛውም ቅዳሜ ለበሰ፤ ማንም የለም። ዮናስ ክፍሉን ዘግቶ ይውላል። አባቱ፣ እነዚያ ጓደኞችህ ምን ነካቸው ቢለው፣ ኖ ብለሃቸው እንዴት ይመጣሉ አለው። መቼ ኖ አልኩ? አለ በላቸው። ለካ እዚህ አገር እናስብበት ማለት፣ በትሕትና አይሆንም ማለት ኖሯል። እኔም አንዴ ሆቴል ሥራ ጠይቄ፣ እናስብበትና ኮል እናደርግሃለን ቢሉኝ ስልኩ ሲጠራ እንዳያመልጠኝ ሻወር የምወስደው በር ከፍቼ ነበር። እስካሁን አልደወሉም።

በላቸው ለማስረዳት ሞከረ። በአንድ ጥያቄ ውሰዱት ብል፣ ልጁ ተርፎኛል ማለት አይሆንም ወይ? ሂድና ይህንን ንገራቸው አለው። ዮናስ አባቱን አየና በዚያች ስብርብር አማርኛው እንዲህ አለ።

«ዳድ፣ ሁለት ዓመት ማንም ሰው አልጠየቀኝም። እነሱ ጠየቁኝ። አሁን እኔ ሄጄ ልለምን?»

በላቸው በማግስቱ ጠዋት የእኔንና የገረመውን በር አንኳኳ። ሽማግሌ ሆናችሁ ሂዱልኝ አለን። አባት ራሱ አይሄድም፣ ነውር ነው። ግን ታክሲዬ ውስጥ ገብቶ ከኋላ ተቀመጠ። ይሄስ ነውር አይደለም ወይ ብዬ ብጠይቀው፣ እኔ ተሳፋሪ ነኝ አለኝ።

ዴንተን ደርሰን ቤታቸው ፊት ፓርክ አደረግኩ። ገና ቅርንጫፍ ስላልሆኑ ሰሌዳ የላቸውም፤ ሦስቷን ፊደል አንሶላ ላይ ጽፈው በረንዳው ላይ ሰቅለዋታል። አንሶላዋን ሳይ አሳዘኑኝ። በላቸው እንዳይታይ ወንበሩ ላይ ዝቅ አለ። እኛ ገባን። ፉትቦል እያዩ ነበር። ተቀመጡ አሉን። የመጣንበት ሳይሰማ አንቀመጥም አለ ገረመው፣ በእንግሊዝኛ። ግራ ገባቸው። ሁለት ትልልቅ ሰዎች ቆመው እነሱ መቀመጡ ከበዳቸው መሰለኝ፣ አንድ በአንድ ተነሡ። አንዱ ቴሌቪዥኑን አጠፋ።

ገረመው ደግሞ መድረክ ካገኘ አይለቅም። አባቱ አልከለከላችሁም አላቸው። በእኛ አገር የሚወደድ ልጅ በአንድ ጥያቄ አይሰጥም፤ ሌላ ቀን ተመለሱ ማለት፣ ልጄ ውድ ነው ማለት ነው። እናንተ ባትመለሱ እኛ መጣን፣ ልጃችንን ወንድም አድርጉልን አለ። ታይለር ኮፍያውን አውልቆ ሰማው። ሲያበቃ ልጆቹን ይዞ ኪችን ገባ። ተንሾካሾኩ። ተመልሶ መጥቶ ቀጥ ብሎ ቆመና ምን ቢል ጥሩ ነው?

«ሰምተናችኋል። እንመካከርበትና መልሱን ይዘን እንመጣለን።»

ቀልዱን ይሁን የምሩን ከፊቱ መለየት አቃተኝ። ክው ብዬ ወጣሁ። በላቸው ካጎነበሰበት ቀና ብሎ ምን አሉ አለኝ። ነገርኩት። ዓይኑን ጨፍኖ ወንበሩን ተደገፈ።

«ልጄን አከበሩት» አለ።

ቅዳሜ በሩ ተንኳኳ። ሦስቱ ብቻ አይደሉም፣ ማኅበሩ እንዳለ መጥቷል። ኮት ያልነበረው ተበድሮ፣ እጅጌው ክርኑ ላይ ቀርቶበታል። ተቀመጡ ብንል ማን ይስማን? የመጣንበት ሳይሰማ አንቀመጥም አለ ታይለር። የበላቸው ሳሎን ውስጥ መቆሚያ ጠፋ። ዮናስ ከክፍሉ ብቅ አለና ግድግዳ ተደግፎ ወለሉን ያያል፤ ጆሮው ቀልቷል። ታይለር ጥያቄውን ከመጀመሪያው ጀምሮ እንደገና ጠየቀ። ሁላችንም ወደ በላቸው ዞርን።

በላቸው ጉሮሮውን ጠረገ። ኮቱን አስተካከለ። እኔ አውቀዋለሁ፣ ልማድ ነው፤ ሊል ያሰበው እንመካከርበት ነው። ይህን ጊዜ አስካለ፣ ሽማግሌ ፊት ቃል ተናግራ የማታውቀዋ ሴትዮ፣ ኪችኑ በር ላይ ቆማ አቋረጠችው።

«ሰጥተናችኋል። ተቀመጡ።»

ተቀመጡ። ሶፋው አልበቃ ብሎ ወለሉ ላይ ሁሉ ተቀመጡ። አንዱ ዮናስን አንገቱን አቅፎ ጎተተና መሀላቸው አስቀመጠው። በአቅራቢያዬ የምጠርገው መስታወት ስላልነበረ፣ አለቀስኩ።

በላቸው ብቻ ፊቱ አልፈታም። ወደ ጆሮዬ ጠጋ አለ።

«ቸኮለች እኮ» አለኝ። «አሁን ልጁ የተረፈን ይመስላቸዋል።»