የፒንግ ትርጉም

በየመሥሪያ ቤቱ አንድ የኔትወርክ ባለሙያ አይጠፋም፤ እናንተስ ዘንድ የለም? ሆሳዕና ባለው ቢሯችን ያለው ኤርሚያስ ይባላል። ደውሎልኝ ካላነሳሁ፣ በማግስቱ ሰላምታው «ትናንት ፒንግ አድርጌህ ዝም አልክ» የሚል ነው።

ባለፈው ሳምንት እናቱ ከሞርሲቶ መጡ። ኤርሚያስ ደነገጠ።

«እማዬ፣ ምነው? ደኅና አይደለሽም እንዴ?»

«ደኅና ነኝ። ዓይንህን ልየው ብዬ ነው።»

ወንበር ሰጠናቸው። ሥራው ምን እንደሆነ ሲጠይቁት፣ ጉሮሮውን ጠርጎ ፒንግን ያስረዳቸው ጀመር።

«ከዚህ ኮምፒውተር ለሌላው ‹አለህ ወይ?› ብዬ እልክበታለሁ። እሱ ‹አለሁ› ብሎ ይመልሳል። ሌላ ወሬ የለውም። ካልመለሰ መስመሩ ችግር አለበት ማለት ነው።»

«ይህን ሁሉ ዕቃ እንዲህ ትጠይቃለህ?»

«በየቀኑ።»

እናቱ ኮምፒውተሮቹን አንድ በአንድ አዩና፣ «እኔንስ ከያሆዴ በዓል ወዲህ አንድ ቀን ጠይቀኸኛል?» አሉት።

ኤርሚያስ ወዲያው ተነሣ። ከአለቃችን ፈቃድ ወስዶ፣ እስከ ሞርሲቶ ሊያደርሳቸው የእናቱን ቦርሳ አነሣ፤ እኔም እስከ መናኸሪያው ሸኘኋቸው። ሚኒባሱ ውስጥ እናቱ እጁን እንደያዙ ተቀመጡ።

እነሱ ሲሄዱ አጠገቤ ያለው የሌላ ሚኒባስ ረዳት «ዱራሜ፣ አንድ ሰው!» እያለ ይጣራ ነበር። የእናቴ ቤት ዱራሜ ነበር። እሷ ካረፈች ወዲህ እዚያ የሚጠብቀኝ የለም። ቢሆንም ያቺ የቀረችው አንድ ቦታ በሌላ ሰው እስክትያዝ ድረስ ቆሜ ጠበቅሁ።