የጋሽ ይፈለጋል አልጋ

ማክሰኞ ጠዋት አውቶቡስ ስጠብቅ የአንዲት ተማሪ መነጽር ወድቆ እግሩ ተነቀለ። የሰናፍጭ ቅንጣት የምታህለው ብሎን የገባችበት ጠፋ። ልጅቷ "ፈተና አለብኝ" ብላ ልታለቅስ ስትል፣ ከሰልፉ ኋላ አንድ ሽማግሌ ከኮት ኪሳቸው የክብሪት ቀፎ አወጡ። ውስጡ ሰባት ብሎን! ሦስተኛዋ ልክ ገባች። በጥፍራቸው አጠበቁላትና፣ ማንም ሳይጠይቃቸው፣ "አላልኩም? ይፈለጋል!" አሉ።

ጎረቤቴ ናቸው። በየሰፈሩ ምንም የማይጥል አንድ ሰው አይጠፋም፤ የእኛን የሚስተካከል ግን ያለ አይመስለኝም። የቀድሞው ሬዲዮ ጠጋኝ፣ የክዳን አልባ ጣሳዎችና የጣሳ አልባ ክዳኖች የበላይ ጠባቂ፣ ክቡር ጋሽ ይፈለጋል! ቤታቸው የሚገባው በጎን ተሹልኮ ነው። ወንበሩ ላይ ጋዜጣ ይቀመጣል፣ እንግዳ ይቆማል። ቁልፍ ሲጠፋባቸው "ቤት ውስጥ ነው፣ የትም አልሄደም" ይላሉ። እውነታቸውን ነው፤ ከዚያ ቤት የትም የሄደ ነገር የለም።

አምና ሐኪም ቤት ተኝተው ሳለ፣ እኛ ጎረቤቶች ጽድቅ የሠራን መስሎን ቤታቸውን ጠርገን አንድ መኪና ሙሉ አስጫንን። ሲመለሱ አልጮኹም። ባዶው ወለል ላይ ቁጭ ብለው፣ "የእሷ ጽሑፍስ?" አሉ። ሟች ባለቤታቸው በእጇ የጻፈቻቸውን የገበያ ዝርዝሮች ማለታቸው ነበር። ሦስት ወር በር አልከፈቱልንም። ሲከፍቱ ቤቱ እጥፍ ሞልቷል።

ያኔ ነው ስለ ነገሩ ማንበብ የጀመርኩት። ስስት ያልነው፣ ስንፍና ያልነው ለካ ሕመም ኖሯል! ሐኪም የሚያውቀው፣ እርዳታ ያለው ሕመም። ለእኛ ቆሻሻ የሆነውን መጣል ለእሳቸው ሥጋ እንደ መቁረጥ ነው፤ የሚቀለውም በራሳቸው እጅ፣ ቀስ በቀስ ሲሆን ነው። እግዚአብሔር ይቅር ይበለን ብዬ ሄጄ ይቅርታ ጠየቅኳቸው።

ነገ ቅዳሜ ልጃቸው ጨቅላዋን ይዛ ትመጣለች። "አባዬ፣ ልጄን የማስተኛበት አንድ አልጋ ካልተለቀቀ ከደጅ እመለሳለሁ" ብላቸዋለች። የልጅ ልጃቸውን ገና አላዩም። ስለዚህ ከሰኞ ጀምሮ አልጋው ላይ ዘምተናል! እኔ አነሳለሁ፣ እሳቸው ይፈርዳሉ።

"ይሄ ጃንጥላስ፣ ጋሼ?"

"ይፈለጋል!"

"ዝናብ ያስገባል እኮ።"

"ለፀሐይ!"

"ፀሐይም ያስገባል።"

ጨርቁን ዳበስ ዳበስ አደረጉት። "እንግዲህ... ይሂድ።"

እልል ልል ምንም አልቀረኝም።

ትናንት ፍራሹ ታየ። ሰማያዊ ነው! አበባ አለው! ሁለታችንም አፋችንን ይዘን ቆምን።

ዛሬ የመጨረሻውን ከረጢት ሦስት ጊዜ አስረው ሦስት ጊዜ ፈቱት። በአራተኛው ራሳቸው አንስተው እጄ ላይ አስቀመጡት። 

"አንቺ ልጅ፣ አንድ ነገር ላስቸግርሽ።"

"ይዘዙኝ፣ ጋሼ።"

"ይህን ራቅ አድርገሽ ጣዪልኝ። በኋላ መጥቼ በርሽን አንኳኩቼ መልሺልኝ ብዬ እለምንሻለሁ፤ ራሴን አውቀዋለሁ። እንዳትሰሚኝ። ብቻ አስገቢኝና ሻይ ስጪኝ።"