የሁሊያካ አበልጆች ፊልም

ፊልም ሠሪ የሌለበት ከተማ የለም። ካለም የዚያ ከተማ ሰው ታድሏል፤ ወንበሩን ባስቀመጠበት ያገኘዋል። የእኛዋ ሁሊያካ ግን ክቡር ዳይሬክተር ኤልመር ቱርፖ አሉባት።

ክቡርነታቸው ካሜራ የላቸውም፤ ያላቸው አበልጅ ነው። እኛ ዘንድ ለሠርግ ኬክ ወጪውን የሚችል የክርስትና አባት ይያዛል፣ ለቢራው ይያዛል፣ ለአዲስ ጣሪያም ይያዛል። የተያዘ ሰው እምቢ ቢል ነውር ነው። ኤልመር ይህንን ፊልም ላይ አመጣው። ለካሜራው የክርስትና አባት አለው፣ ለመብራቱም አለው። ዶሮ ሻጯ ዶኛ ናቲ የዝናቡ የክርስትና እናት ናቸው፤ ጣሪያ ላይ ወጥተው በባልዲ ውሃ ያፈሳሉ።

«አበልጄ፣ አንዲት ነገር ብቻ!» ካለ አለቀልህ። እኔ ገበያ ውስጥ የደረቀ ድንች ነው የምሸጠው። ሰው ፊት ስናገር ያልበኛል። መጀመሪያ ሚዛኔን ወሰደ፣ ከዚያ ብርድ ልብሴን፣ ከዚያ እኔን። ፊልሙ ላይ ቤቱን ጥሎ የሚሄደውን ልጅ ራሱ ኤልመር ሆነ፤ እኔ አባቱ ሆኜ አንዲት ቃል እንድናገረው ነው። አሥራ አራት ጊዜ አስደገመኝ።

«ዶን ሳቢኖ፣ ልጅዎ እኮ ነው ጥሎዎት የሚሄደው! ድንች ገዝቶ የሚሄድ ሰው አስመሰሉት!»

ሦስት ዓመት ፈጀ። አበልጅ የሆነ ሁሉ ፊልሙ ላይ መታየት አለበት፣ መሞት ደግሞ ማንም አልፈለገም። የሽፍታ ፊልም ነው፤ አንድም ሰው አልሞተበትም።

ፊልሙ ሊታይ ሁለት ቀን ሲቀረው ኤልመር መጣና፣ «እሁድ ሰዉ እስከ መጨረሻው ካልተቀመጠልኝ፣ ሰኞ አጎቴ ጋ ወርቅ ልቆፍር ተራራ እወጣለሁ። ለእናቴ ቃል ገብቻለሁ» አለኝ። ያን ቀን «አበልጄ» አላለኝም።

እሁድ ከሰዓት አዳራሹ ሞላ። ፊልሙ እኩሌታው ላይ ሲደርስ የድምፅ ማጉያው የክርስትና አባት ዶን ፋቢዮ ብድግ አሉ።

«ፊቴ የታለ?»

«ጀርባዎ እኮ አለ፣ ዶን ፋቢዮ! ያ በግ የሚነዳው!» አለ ኤልመር።

«ማጉያውን የሰጠሁህ በጀርባዬ ነው እንዴ?»

ገመዱን ነቅለው፣ ማጉያቸውን ተሸክመው ወጡ። ፊልሙ ዲዳ ሆነ። ከኋላ ሰው መውጣት ጀመረ። ኤልመር ግድግዳ ተደግፎ ጫማውን ያያል።

ይሄኔ ሸራው ላይ ዶኛ ናቲ አፋቸውን ከፈቱ። አዳራሹ ውስጥ ያሉት ዶኛ ናቲም ተነሥተው «አንተ ሌባ፣ በጌን መልስ!» ብለው ጮኹ። ሽፍታው ከሦስተኛው ረድፍ «ነይና ውሰጂ!» አለ። ሳቁ ቤቱን ሞላው። ከዚያ ሁሉም ተራው ሲደርስ የየራሱን ይል ጀመር። የወጡትም ተመለሱ።

መጨረሻ ላይ፣ ሸራው ላይ ልጄ ጓዙን ጠቅልሎ በሩ ላይ ቆመ። ሰው ሁሉ ዞሮ እኔን አየ። እንደ ምንም ተነሣሁና፣ ሸራውን ትቼ ግድግዳ የተደገፈውን እያየሁ፣

«ልጄ፣ አትሂድ» አልኩ።

ድንች ገዢ አልመሰለኝም። ማንም ከወንበሩ ሳይነሣ ፊልሙ አለቀ።

ሰኞ ጠዋት ገና ጆንያዬን ሳልፈታ መጣ። «አበልጄ፣ አንዲት ነገር ብቻ!»

ጠረጴዛዬን ወሰደ። ይኸው ድንቼን መሬት ላይ ዘርግቼ እሸጣለሁ።