አዲጋላ ድረስ ሳይተኛ የሄደው ላፕቶፕ

እኛ ጅጅጋ የምንኖር ሰዎች ነገር ማጥፋት አይሆንልንም። መብራት ሲሄድ እንኳ ማብሪያውን አንነካውም፤ እንደበራ እንተወዋለን። አለበለዚያ መብራት መምጣቱን በምን እናውቃለን? የጎረቤት አምፖል አይተን ልንቀና? አንድ የማውቀው ነጋዴ ቤቱን ቆልፎ ሐረር ሲሄድ ሬዲዮኑን ከፍቶ ነው የሚሄደው፤ ሌባ ቢመጣ ሰው ያለ እንዲመስለው ነው አሉ። መብራት ከሄደ ሬዲዮኑም ዝም እንደሚል ብነግረው ክፉ ተመኘህልኝ ብሎ ተቆጣኝ። እንግዲህ እንዲህ ባለ ከተማ ላፕቶፕ ሲገባ ምን እንደሚሆን አስቡት። ክዳኑን ከደን፣ ወደ ቦርሳ ወርወር፣ አለቀ። ማጥፋት የሚባል ነገር የለም።

እኔ ግን እንደነሱ አይደለሁም ባይ ነበርኩ። ባቡሩ ቆሞ፣ አዲሱ ሐዲድ ገና ወሬው ብቻ በነበረበት ዘመን፣ ጅጅጋ ውስጥ ሠርግ እየቀረጽኩ የማቀናብርባት አንዲት ጠባብ ቪዲዮ ቤት ነበረችኝ። ላፕቶፕ ካላቸው ጥቂት ሰዎች አንዱ ስለነበርኩ ስለ ኮምፒዩተር ማስተማር እወዳለሁ፤ ተማሪው ወደደም ጠላም። ኮምፒዩተር ሦስት ዓይነት ዕረፍት አለው እላለሁ፣ ጉሮሮዬን ጠርጌ። አንደኛው ጨርሶ ማጥፋት ነው፤ ይኼን ማንም ያውቀዋል፣ ማንም አያደርገውም። ሁለተኛው ማስተኛት ነው። ይኼኛው እንደ ሰፈራችን ዘበኛ ነው፤ ዓይኑን ጨፍኗል እንጂ ኮሽ ስትል ብድግ ይላል፣ ተኝቶም ቢሆን ደሞዙን ይበላል። የሚበላው ባትሪውን ነው፤ በጥቂት በጥቂቱ።

ሦስተኛው ሃይበርኔት ይባላል። ስሙን ስጠራው ድምፄ ራሱ ይለወጣል። ማሽኑ የያዘውን ሥራ በሙሉ፣ ምን ላይ እንዳቋረጠው ጭምር፣ ሆዱ ውስጥ ያስቀምጥና ድርግም ይላል። ቅንጣት ባትሪ አይበላም። ከወራት በኋላ ስትከፍተው፣ ካቆመበት ቦታ፣ ከዚያችው ከተቋረጠችው ነገር ይቀጥላል። ተአምር አይደለም? ችግሩ፣ አወራለሁ እንጂ ሲሠራ አይቼው አላውቅም። የኔ ላፕቶፕ በሞከረው ቁጥር ሲነቃ እንኳን ሥራውን እኔንም የረሳኝ ይመስላል።

ከሦስቱ ሌላ ደግሞ እኛ የጅጅጋ ቪዲዮ ቤቶች ራሳችን የፈጠርነው አራተኛ አለ። ሠርግ ማቀናበር ቀኑን ሙሉ ይፈጃል፤ የከተማችን ነፋስ ደግሞ ክዳኑ ክፍት የሆነ ላፕቶፕ ካየ ኪቦርዱ ላይ አቧራ ሲዘራ ይውላል። ስለዚህ ማሽኑን ገና ከመነሻው እንመክረዋለን፤ ክዳንህ ቢዘጋም አትተኛ፣ ሥራህን ቀጥል ብለን እናስተካክለዋለን። ከዚያ ክዳኑን ዘግተን ፎጣ ደርበንበት ሻይ ልንጠጣ እንወጣለን። ይኼን ዘዴ ለሰው ሁሉ ያስተማርኩት እኔ ነኝ። በኋላ የረሳሁትም እኔው።

አሁን ወደ ሆዳን ልምጣ። ሆዳን ከቪዲዮ ቤቴ አጠገብ ባለው ፋርማሲ የምትሠራ፣ ሳቋ ግድግዳ አልፎ የሚሰማ ልጅ ነበረች። ስታገባ የቀረጽኳት እኔ ነኝ። እናቷ ኤዶ ሳህራ ግን ሠርጉ ላይ አልነበሩም። ኤዶ በሶማልኛ አክስት እንደማለት ነው፤ ትልቅ ሴት በስሟ ብቻ አትጠራም። ኤዶ የሚኖሩት አዲጋላ፣ ያቺ የድሮ ባቡር ጣቢያ ያለባት ከተማ ነው። ወገባቸው ተሰብሮ ስለነበር መኪና ላይ መቀመጥ አይችሉም። ከዚያ የባሰው ዓይናቸው ነው። የዓይን ግፊት ነው፣ ቀስ በቀስ ይዘጋል ብሏቸዋል ሐኪም። መሀል መሀሉ ብቻ ነው የሚታያቸው፤ እሱም እየጠበበ።

ሆዳን ባሏ ወደተመደበበት ወደ ጎዴ ከመሄዷ በፊት መጥታ ለመነችኝ። ዕቃ ልታመጣ ድሬዳዋ መሄድህ አይቀርም፣ በዚያው ትንሽ ገፋ ብለህ ሠርጉን ለሆዮ አሳይልኝ አለች። ሆዮ እናቴ ማለት ነው። አንድ ነገር አለ፣ እሱን ካላየች እንቅልፍ የላትም አለችኝ። ነገሩ የብር ሀብል ነው። ኤዶ ከእናታቸው የወረሱትን ሀብል ለልጃቸው ልከዋል፤ ግን የጅጅጋ ሙሽራ በወርቅ ተሸፍና ስትወጣ ያን ያረጀ ብር ታጠልቀዋለች ወይስ አፍራ ሣጥን ውስጥ ትተወዋለች? በስልክ አድርጌዋለሁ ብትላቸውም ኤዶ በጄ አላሉም። ልጅ እናቷን ለማስደሰት የማትለው የለም፣ ዓይኔ ሳይዘጋ በዓይኔ ልየው አሉ።

እሺ አልኩ። ባትሪውን ጢም አድርጌ ሞላሁ። ክዳኑን ዘጋሁ። አቧራ እንዳይነካው በፎጣ፣ ከዚያ በብርድ ልብስ ጠቅልዬ ቦርሳ ውስጥ ከተትኩት። ጨቅላ ሕፃን እንኳ እንደዚያ ተጠቅልሎ አያውቅም። ድሬዳዋ ስደርስ ቦርሳው ጭኔ ላይ ይፋጃል። ምን አልኩ መሰላችሁ? ወይ የድሬዳዋ ሙቀት፣ አልኩ። ከድሬዳዋ አይሱዙ ላይ ተሳፍረን ወደ አዲጋላ ስንጓዝ ይብስ ጋለ፤ በረሃው ነው ብዬ በረሃውን አማሁት። እግዜር ይቅር ይበለኝ፣ አገር ምድሩን ስወቅስ ቦርሳዬን ከፍቼ ለማየት አላሰብኩም።

አዲጋላ ስደርስ ኤዶ ሳህራ ቤቱን አስጠርገው፣ አዲሱን ጋርባሳራቸውን ትከሻቸው ላይ ጣል አድርገው ይጠብቁኛል። የጎረቤት ሴቶች ምንጣፉን ሞልተውታል። ኤዶ አማርኛውን በባቡር መስኮት ሻይና ሳምቡሳ ሲሸጡ ነው የተማሩት፤ ፈጣን ነው፣ ባቡሩ ሳይንቀሳቀስ መጨረስ ያለበት ዓይነት። እኔንም ሆዮ ነው የሚሉኝ፤ የሶማሌ እናት ልጇንም በዚያው ስም ነው የምትጠራው። ሆዮ፣ ቅርብ አድርግልኝ አሉ። ላፕቶፑን ሣጥን ላይ አስቀምጬ አፍንጫቸው ሊነካው እስኪደርስ አስጠጋሁላቸው። ቁልፉን ተጫንኩ።

ምንም የለም።

ደግሜ ተጫንኩ። ባትሪውን አወጣሁ፣ ሱሪዬ ላይ አሸሁት፣ እፍ አልኩበት፣ መልሼ ከተትኩት። ምንም! ያን ጊዜ ነው የጅጅጋው ብልሃቴ ትዝ ያለኝ። ክዳንህ ቢዘጋም አትተኛ ብዬው አልነበር? አልተኛማ። ያን ሁሉ መንገድ ቁጭ ብሎ፣ በብርድ ልብሱ ውስጥ ላብ በላብ ሆኖ ሲሠራ ነው የመጣው። ክው አልኩ። ቻርጀር ይዣለሁ፣ ግን ምኑ ላይ ልሰካው? የከተማዋን ጄኔሬተር ባለቤቱ ፈታትቶ ለጥገና ድሬዳዋ ልኮታል። ሾፌራችን አብዱ ከመኪናው ባትሪ ልሞክርልህ ብሎ ሽቦ ይዞ መጣና፣ አገላብጦ አይቶት፣ ጭስ ከወጣ ሠርጉም እኔም ነን የምንጠፋው ብሎ ተመለሰ።

ኤዶ አሁንም ጥቁሩን መስታወት ትኩር ብለው እያዩ ነው። እኔን ነው የሚያሳየኝ፣ ሆዳን የታለች? አሉ። ምድር ተከፍታ ብትውጠኝ በወደድኩ። ነገሩን ሳስረዳቸው፣ አንተ ሠርጉ ላይ ነበርክ አይደል፣ በል ንገረኝ አሉ።

ምን አማራጭ አለኝ? ጀመርኩ። መኪኖቹ ጡሩምባ እየነፉ ዋናውን መንገድ ሲሞሉት፣ ሆዳን ስትወርድ፣ የለበሰችው ስስ ድሪያ የፀሐይ መጥለቂያ ቀለም እንደነበረ፣ እጇ ላይ ያለው ሂና እስከ ክንዷ እንደወጣ። ጎረቤቶቹ ጠጋ ጠጋ አሉ። እኔም ሞቅ አለኝ። አዳራሽ ስትገባ ሴቶቹ እልል አሉ ስል፣ እዚያ ቤት ያሉት ሴቶችም በጥቁር መስታወት ፊት እልልታቸውን አቀለጡት! ሀብሉስ? አሉ ኤዶ፣ ድምፃቸው ቀጥኖ። አድርጋዋለች አልኳቸው፤ ከወርቁ በላይ፣ ከሁሉም በላይ። ደረታቸውን በእጃቸው ያዙ። እሱ ብቻ አይደለም አልኩ፤ ሀብሉን በእጇ ይዛ ወደ ካሜራው ዞረችና...

አብዱ ጡሩምባውን ነፋ። ሳይመሽ መግባት አለብን፣ ጥለንህ መሄዳችን ነው ይላል። ብድግ አልኩ። የቀረውን በሚቀጥለው ሳምንት ራስዎ በዓይንዎ ያዩታል ብዬ ጉልበታቸውን ስሜ ሮጥኩ። እንዲያውም ጡሩምባው ገላገለኝ ብዬ አመስግኜው ነበር።

የሚቀጥለው ሳምንት ሠርግ በዛብኝ። ቀጥሎ ዝናቡ መንገዱን በላው። ቀጥሎ ላፕቶፑ ታመመ፣ ቀጥሎ ምን እንደሆነ እኔም አላውቅም፤ ቀኑ ዝም ብሎ ሄደ። አንድ ቀን ሆዳን ከጎዴ ደወለች። ያ ሳቋ የለም። ታዴ፣ የሆዮ ዓይን ተዘጋ አለችኝ።

ራሴን ለማጽናናት፣ ኤዶ ቢያንስ ይሰማሉ አልኩ። የልጃቸውን ድምፅ፣ ወደ ካሜራው ዞራ ለእናቷ ያለችውን ይሰማሉ። ቪዲዮውን ከፈትኩ። ሆዳን ሀብሉን ይዛ ዞረች፣ ከንፈሯ ይንቀሳቀሳል፣ ዓይኗ እንባ ሞልቷል፣ የሚሰማው ግን ዘፈን ነው። የኛ ሙያ ነዋ! የሠርግ ቪዲዮ ውስጥ ወሬና የጄኔሬተር ጩኸት ምን ያደርጋል ብለን ድምፁን ጠርገን ዘፈን እናለብሰዋለን። ደንበኛም የሚወደው እሱን ነው። መጀመሪያ የቀረጽኩበትን የካሜራ ካሴት ፈለግኩ፤ የሌላ ሰው ሠርግ ቀርጬበታለሁ። ሆዳን ያን ጊዜ ያለችውን ለማስታወስ ብሞክር፣ የኔ ሶማልኛ ገበያ ላይ ዋጋ ከመቀነስ አያልፍም፣ በዚያ ላይ ጄኔሬተሩ ሲያጓራ ነበር። መጀመሪያ ላይ ሆዮ ማለቷን ብቻ ሰምቻለሁ። ደውዬ ምን ነበር ያልሽው ብላት፣ የዚያን ቀን ያልኩትን ማን ያስታውሳል፣ ቪዲዮው ላይ አለ አይደል እንዴ? አለችኝ።

ያም ሆኖ ሄድኩ። እንዴት እቀራለሁ? አሁንስ አልሸወድም ብዬ ላፕቶፑን ጨርሼ አጠፋሁት፤ መጥፋቱን ጆሮዬን ለጥፌ አረጋገጥኩ፤ በየከተማው ቦርሳዬን እየዳሰስኩ እንደ ሬሳ ቀዝቃዛ መሆኑን እያየሁ አዲጋላ ገባሁ። ኤዶ ያንኑ ጋርባሳር ለብሰው፣ ፊታቸውን በድምፄ በኩል አዙረው ተቀበሉኝ። አንድም ቃል አልወቀሱኝም። ቢወቅሱኝ እንዴት በተሻለኝ!

ከፈትኩት። ባትሪው ሙሉ ነው፣ ስክሪኑ ቤቱን ሁሉ አበራው። ጎረቤቶቹ አዩና እልል አሉ፣ ሀብሉ ይኸው፣ እውነት ነው ኤዶ፣ ከወርቁ በላይ ነው አሏቸው። ኤዶ ጆሯቸውን ወደ ማሽኑ ዘንበል አድርገው አዳመጡ። ዘፈን። መኪኖቹ ላይ ዘፈን፣ አዳራሹ ላይ ዘፈን። ትዕግሥታቸው አንጀቴን በላው። አንዱ ዘፈን አልቆ ሌላው ሲጀምር እጃቸውን ዘርግተው እየዳበሱ ክንዴን ያዙኝ።

ሆዮ፣ ዝጋው አሉ። ይኼ የትም ሠርግ ቤት የሚሰማ ዘፈን ነው፤ የዚያን ቀን ያንተ ይሻለኝ ነበር።

ዘጋሁት። ክዳኑን ብቻ አይደለም፤ ድርግም እስኪል ጠብቄ አጠፋሁት። ሴቶቹም እንደዚያን ቀን ጠጋ ጠጋ አሉ። ከየት ልጀምርልዎ ኤዶ፣ ከመኪኖቹ? አልኳቸው።

ኤዶ ሳህራ ጋርባሳራቸውን አስተካክለው፣ ያን ሁሉ ወር የወሬውን ጫፍ ይዘው ሲጠብቁ እንደቆዩ በሚያስታውቅ ድምፅ፣ የለም የለም፣ እሱን ነግረኸኛል አሉ። «ሀብሉን በእጇ ይዛ ወደ ካሜራው ዞረችና» ብለህ ነው የሄድከው። ዞረችና፣ ምን አለች?