ታሪክ ቆራጩ ጎረቤቴ

አንባቢ ሆይ፣ ወሬው ሲጥም ድንገት የሚያቋርጥ ሰው ገጥሞዎት ያውቃል? በሰው አገር፣ ኪስታ በሚባል ሰፈር፣ ጎረቤቴ የነበሩት አቶ ሴልቫም እንዲያ ነበሩ። በታሚል ቋንቋ ለሳምንታዊ መጽሔት ተከታታይ ልብ ወለድ፣ ኋላም የፊልም ድርሰት ሲጽፉ ኖረዋል፤ እንጀራቸው አንባቢን አጓጉቶ ማሳደር ነበር። በጡረታቸው ልጃቸው ዘንድ ሲመጡ ልማዱም አብሯቸው መጣ።

በፈረንጆቹ ሁለት ሺዎቹ መጀመሪያ ይመስለኛል፤ አልምልም። ደረታቸውን አመማቸውና፣ የአገሩን ቋንቋ ስለማያውቁ፣ ከእንግሊዝኛቸው ላስተረጉምላቸው ሶልና ወደሚገኘው ሆስፒታል አብሬያቸው ሄድሁ።

«ሕመሙ እንዴት ጀመረዎት?» አለች ሐኪሟ።

«ደረጃ እየወጣሁ ሳለ አንድ የማይታይ እጅ ደረቴን ጨበጠኝ...» ብለው ዝም አሉ። ሐኪሟ ከወንበሯ ብድግ አለች፤ ልትወጣ የነበረችው ነርስ ከበሩ ተመለሰች፤ እኔም፣ አስተርጓሚው ፕሮፌሰር፣ ትንፋሼን ያዝሁ።

«ከዚያስ? እባክዎ፣ ይህ እኮ መጽሔት አይደለም!» አልኋቸው።

«ፕሮፌሰር፣ እዚህ ላይ ካላቆምሁ ማን ይከታተለኛል?»

ተለምነው ጨረሱ፤ ተመረመሩም። ሐኪሟ «ልብዎ ላይ አንድ ነገር አይቻለሁ፤ ምንነቱን ግን በሚመጣው ሳምንት እንነግርዎታለን» ብላ አሰናበተችን።

ኪስታ ከባቡሩ ስንወርድ ክንዴን አጥብቀው ያዙና «ወዳጄ፣ አንባቢዎቼ ይህን ሁሉ ዓመት እንዴት ቻሉኝ?» አሉኝ።